ከቁማር ቤት ዘረፋ እስከ ስልክ ቀረጻ፦ የስቲቨን ሶደርበርግ ሥራ እንዴት ይሠራል?

የአሜሪካዊውን ዳይሬክተር የስቲቨን ሶደርበርግን ፊልሞች በተርታ ያየ ሰው አንድ እጅ የሠራቸው አይመስለውም። አራት ሰዎች ቤት ውስጥ ተቀምጠው ምስጢር የሚያወጡበት አለ፤ የቁማር ቤት ካዝና የሚዘረፍበት አለ፤ ቫይረስ ዓለምን የሚያዳርስበት አለ፤ ከአራት ሰዓት በላይ የሚፈጅ፣ በስፓኒሽ የተሠራ የቼ ጉቬራ ታሪክ አለ፤ በስልክ የተቀረጸ አስፈሪ ፊልምም አለ። ይህን ሁሉ «ተሰጥኦ ነው» ብሎ ማለፍ ይቻላል። ነገር ግን ተሰጥኦ ሞልቷቸው ዕድሜ ልካቸውን አንድ ዓይነት ፊልም ሲሠሩ የኖሩ ዳይሬክተሮች ብዙ ናቸው። ሶደርበርግን የሚለየው ወጪን፣ ጊዜንና መብትን የሚይዝበት መንገድ ነው። ከፊልም ዓይነት ወደ ፊልም ዓይነት መዝለል የቻለው አንዱ ሲከስር ሌላውን ይዞት እንዳይወድቅ አድርጎ ስለሠራ ነው። እዚህ የምናብራራው ይህንኑ አሠራር ነው። ዓመታቱ በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር፣ ገንዘቡም በአሜሪካ ዶላር ነው።

«ነጻ» የሚባለው ምኑ ነው?

በአሜሪካ የፊልም ሥራ ውስጥ ሦስት ጥያቄዎች ሁሉንም ይወስናሉ። ገንዘቡን ያወጣው ማን ነው? የመጨረሻውን ኤዲቲንግ የሚያጸድቀው ማን ነው? ፊልሙ ካለቀ በኋላ የመሸጥና የማሳየት መብቱ የማን ነው? ሦስቱም በትልቅ ስቱዲዮ እጅ ከሆኑ ዳይሬክተሩ ቅጥረኛ ነው። ከሦስቱ ቢያንስ አንዱ በእሱ ወይም በአነስተኛ አምራች እጅ ሲቀር ፊልሙ ነጻ ወደሚባለው ወገን ይጠጋል።

ስለዚህ «ነጻ ዳይሬክተር» የሚለው ስም ከሰውየው ይልቅ ለየውሉ ይስማማል። ሶደርበርግ «ኦሽንስ ኢለቨን»ን በ2001 ለዋርነር ብራዘርስ ሲሠራ ነጻ አልነበረም፤ በጀቱ 85 ሚሊዮን ገደማ ነበር፤ እንዲህ ያለ ገንዘብ ያወጣ ድርጅት ደግሞ ውሳኔውን ለሌላ አይተውም። በቀጣዩ ዓመት የወጣው «ፉል ፍሮንታል» ግን 2 ሚሊዮን ብቻ ፈጀ። ተዋንያኑ ወደ ቀረጻው ቦታ ራሳቸው መኪና ነድተው መጡ፤ ልብሳቸውን ከቤታቸው አመጡ፤ ፊታቸውን ራሳቸው ተቀቡ፤ የማረፊያ ተሽከርካሪም አልቀረበላቸውም። ከተዋንያኑ አንዷ ጁሊያ ሮበርትስ ነበረች።

የመጀመሪያው ገንዘብ ከየት መጣ?

ሶደርበርግ በ1963 አትላንታ ተወለደ፤ ያደገው ግን ሉዊዚያና ውስጥ ባተን ሩዥ ነው። አባቱ በዚያ ከተማ ዩኒቨርሲቲ ያስተምሩ ስለነበር ገና የሁለተኛ ደረጃ ተማሪ ሳለ ከዩኒቨርሲቲው ተማሪዎች ጋር ፊልም መሥራት ጀመረ። ራሱ ኮሌጅ አልገባም። ሆሊውድ ሄዶ በኤዲተርነት ሠራ፤ በ1985 «የስ» የተባለውን የሮክ ባንድ የመድረክ ዝግጅት ፊልም አድርጎ አወጣ። የልብ ወለድ ፊልም ዳይሬክተር ከመሆኑ በፊት መቁረጥና መቀጠል ማወቁን ልብ ይሏል፤ ከዚህ በኋላ የሚመጣው ብዙ ነገር ከዚያ የመነጨ ነው።

«ሴክስ፣ ላይስ ኤንድ ቪዲዮቴፕ» የ1989 ሥራ ነው። የስክሪፕቱን ረቂቅ በስምንት ቀን ጻፈው። 1.2 ሚሊዮን ዶላሩ በዋናነት የመጣው ከአንድ የቪዲዮ ካሴት ኩባንያ ነበር፤ ስሌቱም የሚገርም ነው። በዚያን ጊዜ የካሴት አከራዮች መደርደሪያቸውን የሚሞላ አዲስ ፊልም ያለማቋረጥ ይፈልጉ ነበር። ኩባንያው ስንት ካሴት ሊሸጥ እንደሚችል ከወዲሁ መገመት ይችላል፤ ያ ግምት ከበጀቱ ካልራቀ ፊልሙ ሲኒማ ቤት ቢገባም ባይገባም ኪሳራው የሚቻል ነው። ዳይሬክተሩም በበኩሉ ስክሪፕቱን ለዚያ ስሌት የሚመች አድርጎ አቀረበ፦ አራት ዋና ተዋንያን፣ በአብዛኛው የቤት ውስጥ ትዕይንት፣ አንድ ከተማ፣ አንድ ወር ገደማ ቀረጻ።

በጥር ወር ዩታ ውስጥ በኋላ ሰንዳንስ በተባለው ፌስቲቫል የተመልካቾችን ሽልማት አገኘ። በግንቦት በፈረንሳዩ የካን ፌስቲቫል ላይ ዋናውን ሽልማት፣ የወርቅ ዘንባባውን፣ ሲወስድ ዳይሬክተሩ 26 ዓመቱ ነበር። በአሜሪካ ሲኒማ ቤቶች ብቻ ከ24 ሚሊዮን በላይ አስገባ።

ቀጥሎ የመጣው ውድቀት ከስኬቱ የበለጠ ያስተምራል። «ካፍካ» በ1991 ፕራግ ላይ ተሠራ፤ አብዛኛው ክፍሉ ጥቁርና ነጭ ነው፤ በጀቱ ከመጀመሪያው ወደ አሥር እጥፍ ተጠጋ። ተመልካቹ ግን አሥር እጥፍ አልሆነም፤ እንዲያውም ቀነሰ። በ1993 እና በ1995 የወጡት ሁለት ፊልሞችም ገንዘባቸውን አልመለሱም። የሦስቱም ችግር አንድ ነው፦ ለጥቂት ሰዎች የሚሆን ፊልም ለብዙ ሰዎች በታሰበ በጀት መሠራቱ። በሦስተኛው፣ በ«ዘ አንደርኒዝ»፣ ቀረጻ መካከል ልቡ ከሥራው ወጥቶ እንደነበር በኋላ ራሱ በአደባባይ ተናግሯል።

ከዚያ ወደ ባተን ሩዥ ተመለሰ። «ስኪዞፖሊስ» የተሰኘውን ቅጥ ያጣ ኮሜዲ በሩብ ሚሊዮን ዶላር ገደማ፣ በጣት በሚቆጠሩ ባልደረቦች ሠራ። ጻፈው፣ ቀረጸው፣ መሪ ተዋናዩም ራሱ ሆነ። በ1996 ሲወጣ ያየው ሰው ጥቂት ነበር። ግን በዚህ በጀት መክሰር አይገድልም፤ ካሜራውን በራሱ ትከሻ መያዝም ለሚቀጥለው ሁሉ መሠረት ሆነው።

ወደ ስቱዲዮ የሚመልሰው በር

በ1998 ዩኒቨርሳል «አውት ኦፍ ሳይት»ን ሰጠው፤ በጀቱ 48 ሚሊዮን ያህል ነበር። የትኬት ገቢው መካከለኛ ሆነ፤ የሐያስያን አቀባበል ግን እጅግ ጥሩ። ስቱዲዮ አንድን ዳይሬክተር ደግሞ የሚጠራው ባተረፈለት ጊዜ ብቻ አይደለም። በተባለው ቀን፣ በተባለው ገንዘብ የጨረሰ፣ ትልቅ ተዋናይም አብሮት መሥራት የሚፈልግ ከሆነ ሁለተኛ ዕድል ያገኛል። ሶደርበርግ ሁለቱንም አሟላ። ከፊልሙ መሪ ተዋናይ ከጆርጅ ክሉኒ ጋር ያቋቋመው ሴክሽን ኤይት የተባለው አምራች ድርጅትም ከዚሁ ትውውቅ የተወለደ ነው።

በ1999 በ«ዘ ላይሚ» ተመልሶ አነሰ። ፊልሙ በቀጥተኛ ቅደም ተከተል ሲቆረጥ አልሠራም፤ ስለዚህ ከኤዲተሯ ከሳራ ፍላክ ጋር ሆኖ የዋናውን ገጸ ባሕርይ ሐሳብ ተከትሎ ፊትና ኋላ እንዲመላለስ አደረገው። ለወጣትነት ትዝታው ደግሞ ተዋናዩ ቴረንስ ስታምፕ በ1967 ከተጫወተበት የኬን ሎች ፊልም ቁርጥራጮችን በፈቃድ ወሰደ። ሌላ ተዋናይ ቀጥሮ በሜካፕ ከማስመሰል ይህ ይሻላል፤ ፊቱ ያው የራሱ ፊት ነው።

በ2000 «ኤሪን ብሮኮቪች» እና «ትራፊክ» በአንድ ዓመት ወጡ። ለሁለቱም በምርጥ ዳይሬክተርነት ለኦስካር ታጨ፤ ይህ ከ1938ቱ ማይክል ከርቲዝ ወዲህ ያልታየ ነገር ነበር። ያሸነፈው በ«ትራፊክ» ነው።

«ትራፊክ»፦ ሦስት ቦታ፣ ሦስት ቀለም

ይህ ፊልም ከሁሉም በላይ ጊዜ ሊሰጠው ይገባል፤ ምክንያቱም የዳይሬክተሩና የካሜራ ባለሙያው ሥራ በአንድ ሰው ላይ ሲያርፍ የሚገኘውን ጥቅም ቁልጭ አድርጎ ያሳያል። ታሪኮቹ ሦስት ናቸው፦ ሜክሲኮ ውስጥ አንድ ፖሊስ፣ በኦሃዮና በዋሽንግተን መካከል የሚመላለስ ዳኛ፣ ሳንዲዬጎ ላይ የአደንዛዥ ዕፅ ነጋዴ ሚስት። ሦስቱ ያለማቋረጥ ይፈራረቃሉ። ተመልካቹ የት እንዳለ በሰከንዶች ውስጥ ካላወቀ ክሩ ይጠፋበታል። በየጊዜው የቦታ ስም መጻፍ ደግሞ አሰልቺ ነው። ስለዚህ እያንዳንዱ ቦታ የራሱ መልክ ተሰጠው።

ለሜክሲኮ ትምባሆ ቀለም ያለው ፊልተር ሌንሱ ፊት ገባ፤ የካሜራው ሻተር፣ ማለትም ብርሃኑን የሚያስገባና የሚዘጋው ክፍል፣ ደግሞ ወደ 45 ዲግሪ ጠበበ። በሰከንድ 24 ፍሬም (ነጠላ ምስል) ሲቀረጽ የተለመደው 180 ዲግሪ ሻተር ለእያንዳንዱ ፍሬም 1/48 ሰከንድ ብርሃን ያስገባል። በ45 ዲግሪ ግን 1/192 ሰከንድ ብቻ ይሆናል። የሚንቀሳቀሰው ነገር በፍሬሙ ላይ ስለማይደበዝዝ እንቅስቃሴው የተቆራረጠ፣ የሚያስጨንቅ መልክ ይይዛል። ዋጋም አለው፦ የሚገባው ብርሃን ወደ ሩብ ስለሚወርድ ሌንሱ ሁለት ስቶፕ (እያንዳንዱ ስቶፕ ብርሃኑን እጥፍ ያደርጋል) ይበልጥ መከፈት አለበት፤ ወይም ያን ያህል ብርሃን መጨመር ያስፈልጋል። በረሃ ፀሐይ ላይ ችግር የለውም። ይህን መልክ የሚቀዱ ጀማሪዎች የሚቸገሩት ቤት ውስጥ ሲገቡ ነው፤ ብርሃኑ ያጥርና ምስሉ በጥቃቅን ነጠብጣብ ይሞላል።

ለኦሃዮና ለዋሽንግተን በአምፖል ብርሃን ለመቅረጽ የተዘጋጀ ጥሬ ፊልም ተመረጠ። እንዲህ ያለ ፊልም በቀን ብርሃን ሲቀረጽ ብርቱካንማ ማስተካከያ ፊልተር ይፈልጋል፤ እሱ ሆን ብሎ ተወው፤ ትዕይንቱ በሙሉ ቀዝቃዛ ሰማያዊ ሆነ። ለሳንዲዬጎ ደግሞ ጥሬ ፊልሙ ከመታጠቡ በፊት ጥቂት ወጥ ብርሃን እንዲያርፍበት ተደረገ። ያ ጨለማውን ያለሰልሰዋል፤ ገጽታውንም የሞቀ፣ የተመቸ ያስመስለዋል።

ሦስቱም በቀረጻ ጊዜ የተወሰኑ ናቸው፤ «በኋላ በኮምፒውተር እናስተካክለዋለን» የሚባል አልነበረም። ብልሃቱ ሠርቷል፤ ብቻ ሜክሲኮን በቢጫ መሸፈን ከዚያ ወዲህ በየፊልሙ ተቀድቶ ዛሬ ለትችት የሚዳርግ ልማድ ሆኗል። ቀለሙ ለአንድ ታሪክ መለያ ተብሎ የተመረጠ ነበር፤ ቀጂዎቹ የአገር መለያ አደረጉት።

ፒተር አንድሩስ እና ሜሪ አን በርናርድ እነማን ናቸው?

ሶደርበርግ በ«ትራፊክ» ላይ «ዳይሬክተርና ካሜራ» ተብሎ በአንድ መስመር ስሙ እንዲጻፍ ጠየቀ። የጸሐፊዎቹ ማኅበር ከለከለ። በማኅበሩ ደንብ የስክሪፕት ጸሐፊው ስም ከዳይሬክተሩ ስም ወዲያው በፊት መምጣት አለበት፤ በሁለቱ መካከል ሌላ ሙያ ሊገባ አይችልም። ስሙን ሁለት ጊዜ ማስጻፍ ስላልወደደ በካሜራው በኩል የአባቱን መጠሪያ ስሞች ወስዶ ፒተር አንድሩስ ሆነ። በኤዲቲንጉ የእናቱን ስም ያዘ፤ ሜሪ አን በርናርድ ማለት ያ ነው። ስለዚህ በአብዛኛዎቹ የኋለኞቹ ፊልሞቹ መጨረሻ ላይ የሚያልፉት ሦስት ስሞች የአንድ ሰው ናቸው። በ2015 የወጣውን ሁለተኛውን «ማጂክ ማይክ» ግሬጎሪ ጄኮብስ ዳይሬክት ሲያደርግ ሶደርበርግ በካሜራና በኤዲቲንግ ሠርቷል፤ የተጻፉት ሁለቱ የብዕር ስሞች ነበሩ።

ሦስቱን ሥራ አንድ ሰው መያዙ ምን ያተርፋል? ሁለት ሰዎች ጠረጴዛ ላይ ሲያወሩ እንውሰድ። በተለመደው አሠራር ሰፊው ምስል ይቀረጻል፤ ከአንዱ ትከሻ በላይ፣ ከሌላው ትከሻ በላይ፣ የአንዱ ቅርብ፣ የሌላው ቅርብ ይቀረጻል። አምስት የካሜራ ቦታ ማለት ነው። ለእያንዳንዱ መብራት ይዛወራል፤ ዳይሬክተሩ ለካሜራ ባለሙያው ያስረዳል፤ ባለሙያው ለመብራት ሠራተኛው ያስረዳል። እያንዳንዱ ግማሽ ሰዓት ቢወስድ ሁለት ሰዓት ተኩል ሄደ። አምስቱም የሚቀረጹት ኤዲተሩ በኋላ የትኛውን እንደሚመርጥ ስላልታወቀ ነው። ኤዲተሩ ካሜራውን የያዘው ሰው ከሆነ ግን ትዕይንቱ በጭንቅላቱ ተቆርጧል፤ ሁለቱን ወይም ሦስቱን ቀርጾ ይሄዳል።

ሁለተኛው ትርፍ ማታ ይታያል። ሶደርበርግ የቀኑን ሥራ በዚያው ምሽት ይቆርጣል። አንድ ትዕይንት ካልያዘ የሚያውቀው ተዋንያኑም ቤቱም ገና በእጁ ሳሉ ነው፤ በማግስቱ ይደግመዋል። ከሦስት ወር በኋላ ቢያውቀው ቡድኑን እንደገና መሰብሰብ፣ ቦታውን እንደገና መከራየት፣ የተዋናዩን ፀጉር ሳይቀር ወደ ነበረበት መመለስ ይኖርበታል።

ትልቁ ማሳያ በ2014 እና በ2015 የተላለፈው «ዘ ኒክ» የተሰኘው ተከታታይ ድራማ ነው። ሃያውንም ክፍሎች ዳይሬክት ያደረገ፣ የቀረጸና የቆረጠ እሱ ነው። የመጀመሪያዎቹ አሥር ክፍሎች በ73 ቀን ተቀረጹ፤ ለአንድ ሰዓት ድራማ ሰባት ቀን ገደማ መሆኑ ነው፤ ያውም በ1900 ኒውዮርክ ያለ ሆስፒታል፣ ከነልብሱና ከነፈረሱ። ዲጂታል ካሜራው በጨለማ ጥሩ ስለሚያይ ብዙውን ትዕይንት ቦታው ላይ ባለ መብራት ቀረጸው፤ ረጅም ትዕይንቶችንም ካሜራውን ይዞ እየተዘዋወረ ሳይቆርጥ አለፋቸው።

አደጋም አለው፤ አድናቂዎቹ ይህን ጎን አያነሱትም። ዳይሬክተሩ ተሳስቶ ሳለ «ይህ አይሆንም» የሚል ሁለተኛ ዓይን ይጠፋል። ካሜራውን የያዘ ሰው ፍሬሙንና ትኩረቱን ሲጠብቅ የተዋናዩ ጥቃቅን ነገር ሊያመልጠው ይችላል። በጥቂት ምስል የተሸፈነ ትዕይንት ደግሞ በኤዲቲንግ ጊዜ መውጫ የለውም፦ ንግግሩ ቢረዝም ማሳጠሪያ፣ ስህተት ቢኖር መሸፈኛ ምስል አይገኝም። በአሥራዎች የሚቆጠር ፊልም ለሠራ ሰው የሚሆነው ለጀማሪ አይሆንም።

የ120 ሚሊዮኑ ስሌት

በ2013 ሳንፍራንሲስኮ ፌስቲቫል ላይ ባደረገው ንግግር ሶደርበርግ መካከለኛ ፊልም ለምን እንደጠፋ በቁጥር አስረዳ። አንድን ፊልም በመላ አሜሪካ በስፋት ለማስተዋወቅና ለማሰራጨት 30 ሚሊዮን ያስፈልጋል። ለውጭ አገር ሌላ 30 ሚሊዮን። ከትኬቱ ግማሽ ያህሉ የሲኒማ ቤቶቹ ስለሆነ ይህን 60 ሚሊዮን ለመመለስ ፊልሙ 120 ሚሊዮን ማስገባት አለበት። የመሥሪያው በጀት ገና አልተቆጠረም። ፊልሙ 10 ሚሊዮን ከፈጀ ከኪሳራ ለመውጣት የሚያስፈልገው 140 ሚሊዮን ነው።

ይህን ያየ ስቱዲዮ ሁለት መንገድ ይቀረዋል፦ 120 ሚሊዮንን በቀላሉ የሚያልፍ ግዙፍ ፊልም፣ ወይም በጥቂት ከተሞች ብቻ የሚታይ ትንሽ ፊልም። የፒያኖ ተጫዋቹን የሊበራቼን ታሪክ የሚተርከውን «ቢሃይንድ ዘ ካንደላብራ» ስቱዲዮዎቹ ሁሉ ገፍተውት የኬብል ቴሌቪዥን ጣቢያው ኤችቢኦ የወሰደው አንድም በዚህ ምክንያት ነው። ትኬት የማይሸጥ ጣቢያ ይህ ስሌት አይመለከተውም። ፊልሙ በ2013 የቴሌቪዥን ሽልማቱን ኤሚን አገኘ፤ ሶደርበርግም በዳይሬክተርነት ተሸለመ።

ከዚያ በፊት ግን በሌላ መንገድ አንድ ጊዜ ተሳክቶለት ነበር። በ2012 የወጣውን «ማጂክ ማይክ» እሱና ተዋናዩ ቻኒንግ ቴተም ወደ 7 ሚሊዮን የሚሆነውን በጀት ከኪሳቸው አወጡ። ዋርነር የማሰራጨት መብቱን ገዛ፤ ፊልሙ በዓለም ዙሪያ 167 ሚሊዮን ገደማ አስገባ። የራስን ገንዘብ ማውጣት አደገኛ መሆኑ ግልጽ ነው፤ ነገር ግን ባለቤትነቱ ከሠሪዎቹ ጋር ቀረ፤ ከትኬቱም የደረሳቸው ድርሻ የባለቤት ነበር።

«ሎገን ላኪ»፦ አከፋፋዩን መዝለል ይቻላል?

በ2017 ሶደርበርግ ስቱዲዮውን ጨርሶ ለመዝለል ሞከረ። አካሄዱ ይህን ይመስላል። በመጀመሪያ ፊልሙ ከመጠናቀቁ በፊት የውጭ አገር መብቶቹ በየገበያው ተሸጡ፤ በዚህም 29 ሚሊዮን ገደማ የሆነው የመሥሪያ ወጪ ተሸፈነ። ቀጥሎ ከሲኒማ ቤት በኋላ ያለው መብት፣ ማለትም ኦንላይንና ቴሌቪዥን፣ አማዞንን ጨምሮ ለሌሎች ተሸጠ፤ ይህ ገንዘብ ለማስታወቂያና ለስርጭት ዋለ። ተዋንያኑ ከተለመደው ክፍያቸው ብዙ ዝቅ ብለው ሠሩ፤ በምትኩ ከትኬት ገቢው ድርሻ ተሰጣቸው፤ የሚገባውንም ገንዘብ በይለፍ ቃል በሚከፈት ድረ ገጽ ራሳቸው መከታተል ቻሉ።

ይህ የመጨረሻው ነገር ተራ ሊመስል ይችላል፤ ግን ሆሊውድ ውስጥ የጠብ ሁሉ ምንጭ እዚያ ነው። በተለመደው አሠራር ገንዘቡ በተርታ ይወርዳል፦ ሲኒማ ቤቱ ድርሻውን ይወስዳል፤ አከፋፋዩ ኮሚሽኑን ይቆርጣል፤ የማስታወቂያ ወጪ ከነወለዱ ይመለሳል፤ ባለገንዘቡ ያወጣውን ይወስዳል፤ ከዚያ የተረፈ ካለ ለተዋናዩና ለዳይሬክተሩ ይደርሳል። ብዙ ጊዜ የሚተርፍ የለም፤ የሒሳብ መዝገቡም በአከፋፋዩ እጅ ነው። ሶደርበርግ መካከለኛዎቹን ደረጃዎች አወጣቸው።

ውጤቱስ? ፊልሙ ከ3,000 በላይ ሲኒማ ቤቶች ውስጥ ተከፍቶ በመጀመሪያው ቅዳሜና እሁድ ያስገባው 7.6 ሚሊዮን ብቻ ነው። ታቅዶ የነበረው ከዚያ እጥፍ ገደማ ነበር። የማስታወቂያው ገንዘብ ከስቱዲዮ ልማድ ያነሰ ሆኖ በአብዛኛው በመጨረሻዎቹ ቀናት ላይ ወጣ፤ የአሜሪካ ደቡብና መካከለኛው ክፍልም ቅድሚያ አገኘ። ችግሩ ከዚያ ይመጣል። ሰው ስለ አንድ ፊልም ደጋግሞ ሳይሰማ ትኬት አይገዛም፤ ድግግሞሹን ደግሞ በአንድ ሳምንት ማሟላት አስቸጋሪ ነው። የገንዘብ አደረጃጀቱ ግን እንደታሰበው ሠርቷል፦ የመሥሪያ ወጪው ቀድሞ ስለተሸፈነ ደካማው መክፈቻ ማንንም አላከሰረም። የከሸፈው ተመልካች የመጥራቱ ክፍል ነው፤ ሁለቱን አንድ አድርገው «ሙከራው ወደቀ» የሚሉ ይሳሳታሉ።

ሌላው የስርጭት ሙከራው የቀደመው ነበር። በ2006 «በብል» የተባለውን 1.6 ሚሊዮን የፈጀ ፊልም፣ ተዋናይ ባልሆኑ የአካባቢው ሰዎች አሠርቶ፣ በአንድ ቀን በሲኒማ ቤትና በኬብል ቴሌቪዥን፣ ከቀናት በኋላ በዲቪዲ አወጣው። ትልልቆቹ የሲኒማ ሰንሰለቶች ጆሮ ዳባ ልበስ ብለው አላሳይ አሉ። ዛሬ ማንም የማይደነቅበት ነገር ነው።

ስልክ ይዞ መቅረጽ

«አንሴን» በ2018 ወጣ። የተቀረጸው በአይፎን 7 ፕላስ፣ በአሥር ቀን ነው፤ በጀቱ 1.5 ሚሊዮን ያህል ሲሆን በዓለም ዙሪያ ወደ 14 ሚሊዮን አስገብቷል። በቀጣዩ ዓመት «ሃይ ፍላይንግ በርድ»ን በአይፎን 8 ቀርጾ ለኔትፍሊክስ ሰጠ። «ስልክ ካለህ ፊልም መሥራት ትችላለህ» የሚለው ወሬ የተነሣው ከዚህ ነው፤ ከወሬው የተረሳው ግን ብዙ ነው።

በመጀመሪያ፣ የስልኩ የራሱ ካሜራ አይበቃም። ተዋናዩ በመስኮት ፊት ባለፈ ቁጥር ስልኩ ብርሃኑን በራሱ ይቀይራል፤ በትልቅ ስክሪን ላይ ምስሉ ሲደምቅና ሲደበዝዝ በግልጽ ይታያል። ስለዚህ ብርሃኑን፣ ትኩረቱንና የቀለሙን ሚዛን የሚቆልፍ መተግበሪያ ያስፈልጋል፤ ሶደርበርግ ፊልሚክ ፕሮን ተጠቀመ። ሁለተኛ፣ የእነዚህ ስልኮች ሌንስ ቀዳዳ አይጠብም። ፀሐይ ሲበረታ ስልኩ የሚያደርገው ሻተሩን ማፍጠን ነው፤ ያኔ በ«ትራፊክ» ሆን ተብሎ የተደረገው የተቆራረጠ እንቅስቃሴ ሳይፈለግ ይመጣል። መፍትሔው ብርሃን የሚቀንስ ጠቆር ያለ ፊልተር ሌንሱ ላይ መለጠፍ ነው። ሦስተኛ፣ ስልኩ ቀላል ስለሆነ ንዝረት ሁሉ ይደርሰዋል። ከባድ ካሜራ የራሱ ክብደት ያረጋጋዋል፤ ስልክ ግን ማረጋጊያ ላይ ካልተቀመጠ ወይም ከከባድ ነገር ጋር ካልታሰረ የመሬቱን ንቅናቄ ሳይቀር ይቀርጻል።

የማስቀመጫ ቦታውንም ማስላት ይገባል፦ በሰከንድ 100 ሜጋቢት ሲቀረጽ አንድ ደቂቃ 750 ሜጋባይት፣ አንድ ሰዓት 45 ጊጋባይት ይይዛል። ድምፁ ደግሞ በስልኩ አይቀዳም፤ በተለየ መቅጃ፣ በባለሙያ ነው። ለተዋንያን፣ ለድምፅ፣ ለቦታና ለኢንሹራንስ የሚወጣው ገንዘብ በስልክ ስለተቀረጸ አይቀንስም። አንድ ሚሊዮን ተኩሉም የሄደው ወደዚያ ነው።

ታዲያ ስልክ የመረጠው ለምንድን ነው? ለፍጥነት። ሌንሱን ግድግዳ ላይ መለጠፍ፣ ወለል ላይ ማስቀመጥ፣ ጥግ ውስጥ መወተፍ ይቻላል፤ አንድ ምስል በሐሳብ መጥቶ እስኪቀረጽ ያለው ጊዜ ወደ ደቂቃ ይወርዳል።

ያልተሳካው ዝርዝር

«ሶላሪስ» በ2002 ወደ 47 ሚሊዮን ፈጅቶ 30 ሚሊዮን ገደማ አስገባ። ቀርፋፋና አሳዛኝ ፊልም እንደ ጠፈር ጀብዱ ስለተሸጠ የመጣው ተመልካች ተቆጥቶ ወጣ። ሁለት ክፍል የሆነው የ2008ቱ «ቼ» በስፓኒሽ መሆኑ የአሜሪካን ገንዘብ አሸሸበት፤ ቤኒሲዮ ዴል ቶሮ ካን ላይ በምርጥ ተዋናይነት ቢሸለምም ገቢው በጀቱን አልሞላም። በ2009 ደግሞ «መኒቦል» ቀረጻው ሊጀመር ቀናት ሲቀሩት በስቱዲዮው ተቋረጠ፤ ሶደርበርግ ስክሪፕቱን ወደ ዘጋቢ ፊልም ያደላ አድርጎ መቀየሩን አልተቀበሉትም። ፊልሙን በኋላ ሌላ ዳይሬክተር ሠራው። በትልቅ በጀት የተገባ ውል የመጨረሻ ቃሉ የማን እንደሆነ እዚህ ላይ ታየ።

እያንዳንዱ ውድቀት በሌላ ቦታ በሚሠራ ነገር ተተክቷል። «መኒቦል» በተቋረጠ በሁለት ዓመት ገደማ «ኮንቴጅን» ወጣ፤ በ2020 ወረርሽኝ ሲመጣ ሰው እንደገና ፈልጎ ያየው ፊልም ነው። ከፊልም ውጭም ገቢ አለው፦ «ቼ»ን ሲሠራ የቀመሰውን ሲንጋኒ የተባለ የቦሊቪያ መጠጥ ወደ አሜሪካ ያስገባል።

በ2025 መጀመሪያ ሲኒማ ቤት የገቡት ሁለት ፊልሞቹ አንድ የስክሪፕት ጸሐፊ አላቸው፤ ዴቪድ ኬፕ። «ፕረዘንስ» በ2024 ሰንዳንስ ላይ ታይቶ በ2025 መጀመሪያ ሲኒማ ቤት ገባ። አንድ ቤት ውስጥ፣ በ11 ቀን፣ በ2 ሚሊዮን ገደማ ተሠራ፤ ታሪኩን የምናየው ቤቱ ውስጥ ባለ መንፈስ ዓይን ነው፤ ካሜራው ራሱ መንፈሱ ስለሆነ እያንዳንዱ ትዕይንት ሳይቆረጥ ያልፋል፤ ካሜራውን ይዞ ቤቱን የሚዞረውም ሶደርበርግ ነው። በአሜሪካ ትኬት ብቻ የበጀቱን ሦስት እጥፍ ገደማ አስገባ። ከሁለት ወር በኋላ የወጣው የስለላ ፊልም «ብላክ ባግ» ታዋቂ ተዋንያን፣ ጥሩ ሒስና 50 ሚሊዮን ያህል በጀት ነበረው፤ የትኬት ገቢው ግን በጀቱን አልሞላም።